ከፒያሳ በረንዳ ተነሺ ለተባለች እህት

ከጎንደር አንዲት እህት እንዲህ ስትል ጽፋልኛለች፦

«ጋሼ፣ እንደምን ሰነበቱ? ፒያሳ አካባቢ መንገድ ዳር ካልሲ፣ የውስጥ ልብስና የልጆች ልብስ እሸጣለሁ። ስድስት ዓመቴ ነው። የተወለድሁት ደምቢያ ነው፤ ሁለት ልጆች አሉኝ። ባለፈው ወር መንገዱ ለልማት ይፈለጋል፣ ተነሡ ተባልን። ሌላ ቦታ ይሰጣችኋል ተብሎ ስም ሲጻፍ እኔ ልጄ ታሞብኝ ሐኪም ቤት ነበርሁ። በማግስቱ ብሄድ ምዝገባው አልቋል አሉኝ። ሌላ መተዳደሪያ ስለሌለኝ ተመልሼ ዘረጋሁ። ደንብ አስከባሪዎች መጥተው ዕቃዬን በማዳበሪያ ጠቅልለው ወሰዱት። ወረቀት አልሰጡኝም። ፈቃድ አውጪ ይሉኛል። ላወጣ ስሄድ ደግሞ የንግድ አድራሻ አምጪ ይሉኛል። ይሰጣል የተባለው ቦታ ከከተማው ዳር ነው፤ ገዢ አይደርስበትም። ልክሰስ? ቦታውን ልጠይቅ? ወይስ ዞር ሲሉ እየጠበቅሁ እዚያው ልሽጥ?»

እህቴ፣ አስቀድሞ ልጅሽን እግዜር ይማርልሽ።

እኔ ጠበቃ ነኝ። የመንገድ ዳር ነጋዴዎችን ጉዳይ ስይዝ ዓመታት አልፈዋል። እናቴም ቅዳሜ ገበያ በርበሬና ሽንኩርት ዘርግታ ነው ያሳደገችን። ስለዚህ ይህ ጉዳይ ለእኔ መዝገብ ብቻ አይደለም።

ሦስት ነገር ጠይቀሽኛል። ከሦስቱም የሚበልጠውን ግን በመሀል ጣል አድርገሽ አልፈሽዋል። ስምሽ ከዝርዝሩ ቀርቷል። የጉዳይሽ ሁሉ ቁልፍ እሱ ነው፤ እመጣበታለሁ። ዕቃሽ ግን በቆየ ቁጥር የሚጠፋ ነገር ስለሆነ ከእሱ ልነሣ።

መንገዱ ያንቺ አይደለም። ካልሲው ግን ያንቺ ነው። ያለ ፈቃድ መሸጥሽ ዕቃሽን የሌላ ሰው አያደርገውም። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 40 የግል ንብረትን ያስከብራል፤ ሱቅ ያለውንና የሌለውን አይለይም። ደንብ አስከባሪ ዕቃ የሚያነሣበት ጊዜ አለ። ሲያነሣ ግን ምን እንዳነሣ፣ ስንት እንዳነሣና ከማን እንዳነሣ መጻፍ አለበት። የመንግሥት ዕቃ ግምጃ ቤት የሚገባ ንብረት በገቢ ደረሰኝ ነው የሚገባው። የንብረት ክፍል ሰዎች «ሞዴል 19» ይሉታል።

ስለዚህ ነገ ወደ ደንብ አስከባሪዎቹ ስትሄጂ «ዕቃዬን መልሱልኝ» ብቻ ብለሽ አትቁሚ። «ዕቃዬ በስንት ቁጥር ሞዴል 19 ገቢ ሆነ?» ብለሽ ጠይቂ። ጥያቄዋ ትንሽ ትመስላለች። ግን መዝገብ ታስከፍታለች። ተመዝግቦ ከሆነ መንገዱ ቀላል ነው፤ ቅጣት ካለበት ከፍለሽ፣ ከሌለበትም ፈርመሽ ትወስጂዋለሽ። ካልተመዘገበ ጥፋቱ ወደ እነሱ ዞረ ማለት ነው። ያን ጊዜ ድምፅሽን ከፍ ማድረግ አያስፈልግሽም። «እንግዲያው የት እንደገባ በጽሑፍ ይነገረኝ» ማለት ይበቃል።

ዛሬ ማታ ልጆቹ ሲተኙ ደግሞ አንድ ሥራ ሥሪ። የተወሰደብሽን ዕቃ በደብተር ዘርዝሪ። ካልሲ ስንት ደርዘን፣ የልጆች ሱሪ ስንት፣ አንዱ በስንት ተገዛ፣ ከየትኛው ጅምላ ሻጭ። በቴሌብር የከፈልሽበት ካለ መልእክቱን አታጥፊው። እንዲህ ያለ መልእክት ደረሰኝ ለማይሰጠው ሰው ደረሰኝ ሆኖ ሲያገለግል አይቻለሁ። ዕቃሽ የታየበት ፎቶ በስልክሽ ወይም በጓደኛሽ ስልክ ካለ አስቀምጪው። ማዳበሪያው ሲጠቀለል ያዩ ሁለት ሰዎችን ስም ጻፊ። ከሁለት ሳምንት በኋላ ይህን ሁሉ ማስታወስ ይከብድሻል።

«ልክሰስ?» ላልሽው፣ ስለ ዕቃው መክሰስ ትችያለሽ። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 2126 የመንግሥት ሠራተኛ በጥፋቱ ለሚያደርሰው ጉዳት ተጠያቂ ነው ይላል። ጥፋቱ የሥራ ጥፋት ከሆነ መንግሥትም ይጠየቃል። ክሱ ግን በሁለት ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት። የዳኝነት መክፈያ የሌለው ሰው በደሃ ደንብ መክሰስ ይችላል። የጎንደር ዩኒቨርሲቲ የሕግ ትምህርት ቤትም ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣል፤ እዚያ ብትሄጂ ማመልከቻ ይጽፉልሻል። ቢሆንም ከክስ እንድትጀምሪ አልመክርሽም። ካልሲሽ ዋጋ ስለሌለው አይደለም። ቀጠሮ በመጣ ቁጥር አንድ ቀን ሥራ ይቀርብሻል። ሁለት ልጅ የምታሳድግ ሴት ያን አትችለውም። መጀመሪያ ደብዳቤ ይሂድ፤ ክሱ ከኋላ ይጠብቅ።

አሁን ስለ መንገዱ። እዚህ ላይ የምነግርሽ ደስ አይልሽም። ከእኔ ብትሰሚው ግን ይሻላል።

የእግረኛ መንገድ በሕግ የሕዝብ አገልግሎት ንብረት ነው። ብዙ ዓመት በመቀመጥ የግል አይሆንም፤ የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1455 ይህን በግልጽ ይከለክላል። ስድስት ዓመትም ሆነ ሃያ ዓመት ለውጥ የለውም። «ሁከት ይወገድልኝ» የሚባል ክስ አለ፤ ሰው ከይዞታው ሲፈናቀል የሚያቀርበው ነው። ደላላ ሁሉ እሱን ይመክራል። መንገድ ላይ ግን ይዞታ የለሽም። የጣት ቀለበታቸውን ሸጠው ለዚህ ክስ ገንዘብ ያወጡ እናቶች ቢሮዬ መጥተዋል። ከመክሰሳቸው በፊት ቢመጡ ብዬ ሁልጊዜ አዝናለሁ።

ከተማው ለምን እንደሚያስነሣም በቅንነት ማየት አለብን። ፒያሳ ላይ በረንዳው ሲሞላ እግረኛው ወደ አስፋልት ይወርዳል፤ ከባጃጅ ጋር ይጋፋል። አረጋውያንና ዓይነ ስውራን ጨርሶ ማለፊያ ያጣሉ። ባለሱቁ ኪራይና ግብር ይከፍላል፤ በሩ ተዘግቶ ሲያገኘው ይቆጣል። የፋሲል ግቢ ዙሪያ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1979 በዓለም ቅርስነት የተመዘገበ ቦታ ነው፤ እዚያ ከተማው ብዙም እጁን አይፈታም። አሁን የኮሪደር ልማቱ ሲጨመርበት «ነገ እናያለን» የሚባለው ነገር ቀርቷል። ይህ ሁሉ እውነት ነው።

ሌላም እውነት አለ፤ በስብሰባ ላይ ግን አይነሣም። በረንዳ ላይ ካለው ዕቃ ጥቂት የማይባለው የባለሱቆቹ የራሳቸው ነው። ባለሱቁ ዕቃውን ለልጆች ያከፋፍልና በረንዳ ላይ ያሸጣል። ሲነሡ የሚጠፋው የልጆቹ እንጀራ ነው፤ የእሱ ሱቅ እንደሆነ ተከፍቶ ይውላል። «ሕገ ወጥ ነጋዴ» የሚለው ቃል እታች ያለውን ሰው ብቻ ሲመታ ይቆረቁረኛል።

አንቺ የምትይዢው ሕግ የትኛው ነው? የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 41 ማንኛውም ኢትዮጵያዊ በአገሪቱ ውስጥ በየትኛውም ቦታ መተዳደሪያውን የመምረጥ መብት አለው ይላል። ይህ ሥራ የመሥራት መብት ነው፤ የአንድ በረንዳ መብት ግን አይደለም። ይበልጥ የሚጠቅምሽ አንቀጽ 44 ንዑስ አንቀጽ 2 ነው። በመንግሥት ፕሮግራም ምክንያት የተፈናቀሉ ወይም ኑሯቸው የተነካባቸው ሰዎች ተመጣጣኝ ማካካሻ ማግኘት ይገባቸዋል ይላል፤ በበቂ እርዳታ ወደ ሌላ ቦታ መዛወርንም ይጨምራል። «ኑሯቸው የተነካባቸው» የሚለውን አስተውይ። የመሬት ባለይዞታ የሆኑ አላለም። ቢሮዎች ካሳ ሲባል የሚያዩት አዋጅ ቁጥር 1161/2011ን ነው፤ እሱ ደግሞ በዋናነት ስለ መሬት ባለይዞታ የተጻፈ ነው። ስለዚህ «አንቺ ካሳ አይመለከትሽም» ሊሉሽ ይችላሉ። የገንዘብ ካሳ ላይ አትድረቂ። «መዛወሬ ግን በአንቀጽ 44 የሚገባኝ ነው» በይ። በጎንደር እንደሚደረገው ከተማው ራሱ ቦታ እሰጣለሁ ብሎ ሲጀምር፣ ክርክሩ ማን ይካተት ወደሚለው ይጠባል። እዚያ ላይ ታሸንፊያለሽ።

ወደ ዝርዝሩ ልምጣ።

ዝርዝር እንዴት እንደሚሠራ ታውቂያለሽ። አንድ ጠዋት የቀበሌ ሰውና የኮሚቴ አባል ደብተር ይዘው ይመጣሉ። ተቀምጦ ያገኙትን ይጽፋሉ። የታመመው ይቀራል። የወለደችው ትቀራለች። ከ11 ሰዓት በኋላ ሠራተኛ ሲወጣ ብቻ የሚዘረጋው ይቀራል። ሱቅ በደረቴ ይዞ የሚዞረው ልጅ ደግሞ የት ተቀምጦ ይጻፍ? በሌላ በኩል አንድ ቀን ሸጦ የማያውቅ ሰው ወሬውን ቀድሞ ሰምቶ ማዳበሪያ አንጥፎ ይቀመጣል፤ ይጻፋል። ቦታው ሲደርሰው ያከራየዋል። ይህን በዓይኔ አይቻለሁ። አንድ ጊዜ አብሬያቸው የቆምሁ ነጋዴዎች ወደ ተሰጣቸው ሼድ ሲገቡ ከጎናቸው ያለውን ሰው አንዳቸውም አያውቁትም ነበር።

ስለዚህ የመጀመሪያ ጥያቄሽ «ዝርዝሩ ይለጠፍ» መሆን አለበት። በቀበሌው ማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ይለጠፍ። ተቃውሞ የሚቀርብበት ጥቂት ቀን ይሰጥ። ዕጣውም በአደባባይ ይውጣ። ይህ ለከተማውም ይጠቅመዋል፤ እርስ በርሳችሁ ስለምትተዋወቁ ሐሰተኛውን የምታወጡት እናንተው ናችሁ።

ሌላ አገር ምን እንደሚደረግ ማወቅም አይጎዳም። ሕንድ እ.ኤ.አ. በ2014 የመንገድ ነጋዴዎች ሕግ አውጥታለች። በዚያ ሕግ ቆጠራው አልቆ ለነጋዴው ማረጋገጫ ሳይሰጥ ማንም አይነሣም። የሚዛወር ሰው የ30 ቀን ማስታወቂያ ይደርሰዋል። ጉዳዩን የሚያየው የከተማ ኮሚቴም ቢያንስ 40 በመቶ አባላቱ ነጋዴዎች ናቸው። በደቡብ አፍሪካ ጆሃንስበርግ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2013 ከተማው መንገዱን ለማጽዳት ብሎ ፈቃድ ያለውንም የሌለውንም አንድ ላይ አባረረ። ነጋዴዎቹ ሕገ መንግሥት ፍርድ ቤት ደርሰው በዚያው ዓመት በዲሴምበር ወር በጊዜያዊ ትእዛዝ ወደ ቦታቸው ተመለሱ። የእነሱ ሕግ እኛን አይገዛም። ቢሆንም «መጀመሪያ ቁጠሩ፣ ከዚያ አዛውሩ» የሚለው አሠራር እንግዳ ነገር እንዳልሆነ ለሚሰማሽ ኃላፊ መንገር ትችያለሽ።

አንቺ እዚያ ስድስት ዓመት እንደነበርሽ በምን ታስረጃለሽ? የመደብ ወይም የቦታ ኪራይ ተብሎ ካርኒ ተቆርጦልሽ ያውቃል? አንድም ቢሆን ፈልጊው። ካርኒ ፈቃድ አይደለም። ነገር ግን ከተማው እዚያ መኖርሽን እያወቀ ገንዘብ መቀበሉን ያሳያል። ከኋላሽ ያለው ባለሱቅ በፊርማው ቢመሰክርልሽ ትልቅ ነገር ነው፤ እሱ የአንቺ ተፎካካሪ ስለሆነ ቃሉ ይከብዳል። አብረሽ ዕቁብ የምትጥዪ ከሆነ የዕቁቡ ደብተር ላይ ስምሽ ከዓመታት በፊት ጀምሮ አለ።

ከሁሉ የሚበልጠው ግን የልጅሽ የሕክምና ካርድ ነው። ካርዱ ላይ ቀን አለ። ማኅተም አለ። ስም በተጻፈበት ቀን ሐኪም ቤት እንደነበርሽ የሚናገር የመንግሥት ወረቀት ነው። ኮፒ አድርጊው። «ምዝገባው አልቋል» ላለሽ ሰው ሌላ ብዙ ቃል አያስፈልግም።

ደምቢያ መወለድሽን ለምን እንደነገርሽኝ ይገባኛል። «የከተማው ነዋሪ አይደለሽም» ብለውሽ ይሆናል። እዚህ ላይ ብዙ ሰው ይወድቃል። በነዚህ ዓመታት ከገጠሩ ወደ ጎንደር የገባው ሰው ብዙ ነው፤ አንዱ ሥራ ፍለጋ፣ አንዱ የፀጥታው ነገር አስጨንቆት። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 32 የመዘዋወርና የመኖሪያ ቦታ የመምረጥ ነፃነት ይሰጣል። ቢሮ ውስጥ ግን መታወቂያ ነው የሚታየው። የጎንደር የነዋሪነት መታወቂያ ከሌለሽ ከተወለድሽበት ቀበሌ መሸኛ አምጪና አሁን በምትኖሪበት ቀበሌ ተመዝገቢ። መሸኛ ለማምጣት የአንድ ቀን መንገድ ነው፤ እሱን ሳትይዢ የምትሄጂበት ቢሮ ሁሉ ይመልስሻል። ፋይዳ ካልተመዘገብሽም አብረሽ ጨርሺው።

ፈቃዱን በተመለከተ ክብ ውስጥ የገባሽ መስሎሻል፤ ልክ ነሽ። የንግድ ምዝገባና ፈቃድ አዋጅ ቁጥር 980/2008 ያለ ንግድ ፈቃድ መነገድን ይከለክላል። ቅጣቱ ገንዘብም እስራትም ስላለበት በቀላሉ የምናየው ነገር አይደለም። ፈቃዱ ደግሞ ከአድራሻ ጋር የታሰረ ነው። የኪራይ ውል ወይም የቦታ ማረጋገጫ ይጠየቃል። የበረንዳ ነጋዴ ይህን ከየት ያመጣዋል? ክቡ የሚሰበረው ከአድራሻው በኩል ነው። የቦታ ድልድል ደብዳቤ ሲደርስሽ አድራሻ አገኘሽ ማለት ነው። ስለዚህ ተራው ይህ ነው፦ መጀመሪያ ዝርዝር፣ ከዚያ ድልድል፣ ከዚያ ፈቃድ። ፈቃድ ቢሮው በር ላይ ቆመሽ የምታባክኚውን ቀን ለዝርዝሩ አውዪው።

አንዳንዱ ባለሱቅ «የበረንዳውን ውል ልስጥሽና በእሱ ፈቃድ አውጪ» ይላል። ተጠንቀቂ። በረንዳው የእግረኛ መንገድ ከሆነ እሱም ሊያከራየው አይችልም። ከሱቁ ውስጥ አንድ ጥግ በሕጋዊ ውል ቢያከራይሽ ግን ሌላ ነገር ነው። ሁለትና ሦስት ሆናችሁ አንድ ጠባብ ክፍል መከራየትም ይቻላል።

ስለ ፈቃድ ሌላ የምነግርሽ ነገር ብዙ ሰው ዘግይቶ የሚሰማው ነው። ፈቃድ ስታወጪ የግብር ከፋይ መለያ ቁጥር፣ ማለትም ቲን፣ ይወጣልሻል። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሸጥሽም አልሸጥሽም መዝገብ ላይ ነሽ። ፈቃዱም በየዓመቱ ይታደሳል፤ ያለ ቅጣት የሚታደሰው ከሐምሌ 1 እስከ ታኅሣሥ 30 ነው። አዲሱ ሼድ አልሸጥ ሲላት ቆልፋ የሄደች አንዲት ነጋዴ አውቃለሁ። ፈቃዱን አልመለሰችም። ከዓመታት በኋላ ሌላ ሥራ ልትጀምር ስትል ያልሠራችበት ዓመት ሁሉ ግብርና ቅጣት ተቆልሎ ጠበቃት። ሥራ ካቆምሽ ፈቃዱን በወቅቱ መልሺ፣ ክሊራንስ፣ ማለትም የግብር ዕዳ እንደሌለብሽ የሚገልጽ ወረቀት፣ ያዢ። የግብር ደረጃዎቹ በ2017 በፌዴራል ሕግ ስለተሻሻሉ፣ ከመፈረምሽ በፊት ገቢዎች ሄደሽ የትኛው ደረጃ እንደምትገቢና በዓመት ምን እንደሚጠበቅብሽ ጠይቂ። ማፈር የለም።

ቦታው ሩቅ ነው ብለሻል። እዚህ ላይ ከአንቺ ጋር ነኝ፤ ከቢሮም ጋር ብዙ የተከራከርሁበት ነው። ካልሲ የሚሸጠው ሰው ሊገዛ አስቦ ስለሚመጣ አይደለም። ሲያልፍ አይቶ ነው የሚገዛው። የአላፊ አግዳሚ ዕቃ ነው። አላፊ የሌለበት ቦታ ወስደሽ ብትሰቅይው አይሸጥም። ጤፍና በርበሬ ግን ሰው ፈልጎት ይሄዳል። ስለዚህ ሁሉንም ነጋዴ አንድ ቦታ መውሰድ መጀመሪያውኑ ስህተት አለው። ቅዳሜ ገበያን ተመልከቺ። ሰው እዚያ የሚሄደው ሁሉም ሻጭ አንድ ላይ ስላለና ቀኑን ስለሚያውቀው ነው። ገበያ በሼድ ብቻ አይፈጠርም።

ከዚህ ሁሉ በላይ ማዛወርን የሚያፈርሰው አንድ ነገር አለ። ግማሹ ተዛውሮ ግማሹ ፒያሳ ሲቀር ነው። የተዛወረው ይራባል፣ የቀረው ይሸጣል። በሁለት ወር ውስጥ የተዛወረውም ይመለሳል። ከዚያ «ቦታ ብንሰጣቸው ጥለው መጡ» ይባላል። ሕጉን ያከበረው ተጎዳ ማለት ነው። ስለዚህ ከኃላፊዎቹ ጋር ስትነጋገሩ አጥብቃችሁ የምትጠይቁት «ሁላችንም በአንድ ቀን» የሚለውን ይሁን።

ቦታውን ከመቀበልሽ በፊት ሦስት ጊዜ ሄደሽ እዪው። አንድ ተራ ቀን፣ አንድ ቅዳሜ፣ አንድ ቀን ደግሞ ማታ ከ11 እስከ 1 ሰዓት። አንድ ሰዓት ቁሚና የሚያልፈውን ሰው ቁጠሪ። ከዚያ ፒያሳ ላይ እንደዚሁ ቁጠሪ። ሁለቱን ቁጥር ጽፈሽ ያዢ። ኃላፊ ፊት «ሩቅ ነው» ስትዪ ልመና ይመስላል፤ ሁለቱን ቁጥር ስታሳዪ ግን መልስ መስጠት አለበት። ባጃጅና ታክሲ የት እንደሚያቆም፣ መጸዳጃ ቤት መኖሩን፣ መብራቱን፣ ማታ ዕቃ የሚቀመጥበትን፣ ጥበቃውን እዪ። የጎንደርን ክረምት ታውቂዋለሽ፤ ሐምሌና ነሐሴ ላይ ጣሪያው የሚያፈስና ወለሉ ጭቃ የሆነ ሼድ ከበረንዳ አይሻልም።

ታዲያ ልቀበል ወይ? አዎ፣ ተቀበዪ። ጎዶሎም ቢሆን ተቀበዪ። ስምሽ አንዴ ከዝርዝሩ ከተሰረዘ ሁለተኛ ተራ እንደሚደርስሽ ማረጋገጫ የለም። ከውስጥ ሆነሽ የባጃጅ መስመር ብትጠይቂ የተመዘገበች ነጋዴ ነሽ። ከውጭ ሆነሽ ብትጠይቂ ግን «ሕገ ወጥ» ነሽ። ብቻ ቦታውን አትሽጪው፣ አታከራዪውም። አዲስ አበባ ላይ «አርከበ ሱቅ» ይባሉ የነበሩትን ታስታውሺ ይሆናል። ለሥራ አጦች ተብለው የተሰጡ ነበሩ። ብዙዎቹ በኪራይ ከእጅ ወደ እጅ ተዘዋወሩ፤ የተሰጣቸው ሰዎች ወደ መንገድ ተመለሱ። ደላላ መጥቶ ጥሬ ገንዘብ ሲያሳይሽ የልጆችሽን የሚቀጥለውን ዓመት አስቢ።

ሌላም የምትጠይቁት አለ። ጥምቀትን የመሰለ በዓል ሲመጣ ከተማው በእንግዳ ይሞላል። ለእነዚያ ቀናት ብቻ በተወሰነ ቦታ ጊዜያዊ መሸጫ ይፈቀድልን ማለት ተገቢ ነው። ለአመሻሽ ሰዓት ብቻ የተወሰነ መንገድ መጠየቅም ይቻላል። ብቻሽን ብትጠይቂ አይሰሙሽም። ቢያንስ አሥርና አሥራ አምስት ሆናችሁ ሂዱ። ተደራጅታችሁ በሥራና ስልጠና መምሪያ በኩል ከቀረባችሁ ደግሞ ስለ መሥሪያ ቦታም ስለ ብድርም የምትነጋገሩበት በር ይከፈታል።

«ዞር ሲሉ እየጠበቅሁ ልሽጥ?» ላልሽው፣ አድርጊ ልልሽ አልችልም። ልጆችሽ መብላት እንዳለባቸው ግን አውቃለሁ። ዕቃሽ ሁለተኛ ጊዜ ከተወሰደ መነሻ ገንዘብሽ ያልቃል። ደንብ አስከባሪ ጋር ግብግብ ከገጠምሽ ደግሞ ጉዳዩ ከንግድ ወደ ወንጀል ይዞራል፤ ያን ጊዜ እኔም ብዙ አልረዳሽም። መልስ እስኪመጣ በየሳምንቱ ቅዳሜ ገበያ ውጪ። ወይም ፈቃድ ያላት ሱቅ ውስጥ ዕቃሽን አስቀምጠሽ ትርፍ ተካፈዪ። ገቢሽ ይቀንሳል። ቢሆንም ዕቃው ከእጅሽ አይወጣም።

የት እንደምታመለክቺ ልንገርሽ። ከምትነግጂበት ክፍለ ከተማ ጀምሪ። ካልመለሱልሽ ወደ ከተማው ንግድና ገበያ ልማት መምሪያ። ከዚያ የከተማው ቅሬታ ሰሚ፣ ከዚያ ከንቲባ ጽሕፈት ቤት። እነዚህ ሁሉ ዝም ካሉሽ የኢትዮጵያ እንባ ጠባቂ ተቋም ባሕር ዳር ቅርንጫፍ አለው፤ የአስተዳደር በደልን ያያል፣ ገንዘብ አይጠይቅም። ደረጃውን ዘለሽ አትሂጂ፤ «መጀመሪያ እዚያ ጠይቀሻል ወይ?» ብለው ይመልሱሻል። «ነገሩን ላቀልልሽ» ብሎ እጅ መንሻ ለሚጠይቅሽ ሰው አትስጪ። የሰጠሽው ሰው ነገ ዝርዝሩ ላይ ሌላ የሰጠውን ያስገባል።

ደብዳቤው አጭር ይሁን። ለቅሶና ስድብ አይግባበት። እንዲህ ብትጽፊው ይበቃል፦

«እኔ አመልካች በፒያሳ አካባቢ ለስድስት ዓመት አልባሳት በመሸጥ ሁለት ልጆቼን ሳሳድግ ቆይቻለሁ። ለልማት ተነሺ ነጋዴዎች ምዝገባ በተደረገበት ቀን ልጄን በማሳከም ላይ ስለነበርሁ ስሜ ሳይመዘገብ ቀርቷል። የሕክምና ካርዱን፣ የምስክሮችን ፊርማና የቦታ ኪራይ ካርኒ አያይዣለሁ። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 44 ንዑስ አንቀጽ 2 መሠረት ስሜ በተነሺዎች ዝርዝር እንዲካተትልኝ፣ ዝርዝሩም በማስታወቂያ ሰሌዳ እንዲለጠፍ እጠይቃለሁ። እንዲሁም ያለ ደረሰኝ የተወሰደብኝ፣ ዝርዝሩ የተያያዘው ዕቃ በስንት ቁጥር ገቢ እንደሆነ በጽሑፍ እንዲገለጽልኝና እንዲመለስልኝ አመለክታለሁ።»

ከታች ግልባጭ ለቅሬታ ሰሚው ብለሽ ጨምሪ። ሁለት ኮፒ ይዘሽ ሂጂ። ለኃላፊው በእጅ አትስጪው፤ መዝገብ ቤት አስገቢው። አንዱን እነሱ ያስቀሩታል። ሁለተኛው ላይ የገቢ ቁጥር፣ ቀንና ማኅተም ሳያደርጉልሽ ከመስኮቱ አትነሺ።